እና ሌሎች

ሰውየው ወደ ቴሌቪዥን ከመግባቱ በፊት ስልኬ ተበላሸ የሚሉ ደንበኞችን በመስኮት የሚያስተናግድ የቢሮ ሠራተኛ ነበር። ወደዚያ መስኮት ደስ ብሎት የሚመጣ ሰው የለም። አንዱ ይጮሃል፣ አንዷ ታለቅሳለች፣ ሌላው ደግሞ የማን ዘመድ እንደሆነ ቀስ አድርጎ ያሳውቃል። እሱ ሁሉንም አንገቱን ደፍቶ ያዳምጣል። ምሳ ሰዓት ደርሶ መስኮቱ ሲዘጋ ግን የጠዋቱን ደንበኞች ለባልደረቦቹ አንድ በአንድ መልሶ ያመጣቸዋል። ድምፃቸውን ብቻ አይደለም፤ ቦርሳቸውን የሚያቅፉበትን፣ ሊቆጡ ሲሉ አፍንጫቸውን የሚነኩበትን፣ ሲወጡ በሩን የሚዘጉበትን ሁሉ ነው። ባልደረቦቹ ምሳቸው ትን እያላቸው ይስቁ ነበር።

አንድ ቀን የክፍሉን ኃላፊ ሆኖ ሲንጎራደድ ሳቁ በአንድ ጊዜ ቆመ። ዞር ሲል ኃላፊው በሩ ላይ ቆመዋል።

«ቀጥል እንጂ» አሉት።

ማምለጫ ስላልነበረው ቀጠለ። ኃላፊው ወንበር ስበው ተቀመጡና እስከ መጨረሻው አዩት።

«እኔ እንዲህ ነኝ?»

«እርስዎ ትንሽ ይብሳሉ» አለ። ምን እንደነካው እሱም አላወቀም።

ኃላፊው አልሳቁም፤ አልተቆጡምም። «የወንድሜ ሚስት ቴሌቪዥን ጣቢያ ትሠራለች» አሉ። «ሄደህ አነጋግራት። ካልሆነልህ ይሄ መስኮት የትም አይሄድም።»

እንዲህ ሆኖ ነው የገባው።

በዚያን ጊዜ የሐሙስ ማታውን ጨዋታ የሚመሩት ጋሼ ነበሩ። ጋሼ የወጣላቸው ስም አይደለም፤ ግን ከጣቢያው ጥበቃ እስከ ሥራ አስኪያጁ፣ ከዚያም አልፎ መንገደኛው ሁሉ የሚጠራቸው እንደዚያ ነው። ረጅም ናቸው፣ ግራ ትከሻቸው ከቀኙ ዝቅ ይላል፣ ድምፃቸው ከጉድጓድ የሚወጣ ይመስላል። አንድ ቃል ሳይተነፍሱ ካሜራውን ዝም ብለው ሲያዩ እቤቱ የተቀመጠው ሕዝብ በሳቅ ይፈርሳል። የሚጫወቱት ሁልጊዜ ራሳቸውን ነው፤ ቅን አሳቢ ሆነው ሳለ በሄዱበት ሁሉ ጣጣ የሚከተላቸውን ሰው። ሐኪም ቤት ይሄዳሉ፣ ከሐኪሙ ይጣላሉ። ቤት ይከራያሉ፣ ከአከራይዋ ይጣላሉ። ፍርድ ቤት ይቆማሉ፣ ዳኛው የሚፈርደው ይጠፋዋል።

ሐኪሙም፣ አከራይዋም፣ ዳኛውም፣ ከዳኛው ጀርባ የሚያንቀላፋው ፖሊስም ያው አዲሱ ሰውዬ ነበር።

ጋሼ በመጀመሪያው ሳምንት ልብስ ቀይሮ ሁለቴ በአጠገባቸው ሲያልፍ ስላልለዩት «አንተ እኮ እስስት ነህ» አሉት። ስሙ ሆኖ ቀረ። እናቱ ስትሰማ አልወደደችውም። «እኔ የሰው ስም አውጥቼልህ፣ ቅጠል ላይ በምትንፏቀቅ ነገር ይጥሩህ?» አለች።

እስስት ሰው መሆን የሚጀምረው ከእግሩ ነበር። ሌላው ተዋናይ ጽሑፉ ሲሰጠው መጀመሪያ ንግግሩን ያነባል፤ እሱ ግን «ሰውየው የሚያደርገው ምን ዓይነት ጫማ ነው?» ብሎ ይጠይቃል። ተረከዙ የተበላ ጫማ ካገኘ ሰውየው ወዴት እንደሚያዘነብል ያውቃል። ጠባብ ጫማ ካገኘ የሰውየውን ቁጣ ያውቃል። አከራይዋን ያገኛት በአንድ ክፍት ነጠላ ጫማ ነው፤ እየጎተታት ኮሪደሩን አንዴ ሲመላለስ ድምፁ ራሱ ተከትሎ መጣ። የጣቢያው ልብስ ሰፊ፣ ኋላ ሚስቱ የሆነችው ማለት ነው፣ ያሮጌ ጫማ ጆንያ ከመደርደሪያዋ ሥር ታስቀምጥለት ነበር። የተዋወቁትም እሷ መርፌ በአፏ ይዛ፣ እሱ በባዶ እግሩ ቆሞ፣ ጆንያው ውስጥ አብረው ሲፈልጉ ነው።

ጨዋታው ሲያልቅ ስም ይወጣል። የጋሼ ስም ብቻውን፣ በትልቁ፣ መሀል ላይ ይቆያል። ቀጥሎ «እና ሌሎች» የሚል ይመጣና ወዲያው ይጠፋል። ሌሎቹ ሁሉ እሱ ነበር። ሚስቱ ከተጋቡ በኋላ ጎረቤት ባለቤትሽ ማነው ሲላት «እኔ እንኳ የሌሎች ሚስት ነኝ» እያለች ታስቃለች።

አንዴ ደፍሮ አዘጋጁን ጠየቀው። «ስሜ ቢጻፍ ምን ይላችኋል?»

አዘጋጁ አሰበበት። «ስምህ ከተጻፈ ሐኪሙም አከራይዋም አንድ ሰው መሆናቸው ይነቃል» አለው። «ጎበዝ ስለሆንክ ነው የማንጽፍህ።»



እውነትም ማንም አያውቀውም። እናቱ እንኳ በየሳምንቱ ከቴሌቪዥኑ ፊት ትቀመጥና ማግስቱን ስትደውልለት «ያ ወፍራሙ ሐኪም ይህን ሰሞን ጎበዝ ሆኗል። አንተ መቼ ነው የምትወጣው?» ትለዋለች። እኔ ነኝ እኮ እማዬ ሲላት፣ «ተው እንጂ፣ አንተ መቼ እንደዚያ ወፍረህ ታውቃለህ» ትላለች። ከጋሼ ጋር አብሮ መንገድ ሲወጣ ሰው ይከብባቸዋል፤ ከዚያ አንዱ ስልኩን ወደ እስስት ዘርግቶ «ወንድሜ፣ እባክህ ከጋሼ ጋር አንድ ፎቶ አንሳን» ይለዋል። ያነሳቸዋል። ጥሩ አድርጎ ነው የሚያነሳቸው፤ ጋሼ በየትኛው ጎናቸው እንደሚያምሩ ያውቃላ።

«አይከፋህም?» አለችው ሚስቱ አንድ ቀን።

«የሰው ፊት እሳት ነው ይባላል። እኔ ጥላ ውስጥ ነኝ» አላት።

አልዋሸም፤ እውነቱን ሁሉ ነገራትም ማለት ግን አይቻልም። አንዳንድ ጊዜ፣ ስቱዲዮ የገባው ተመልካች ለጋሼ ሲያጨበጭብላቸው፣ እሱ ከመጋረጃው ጀርባ የአከራይዋን ቀሚስ ሰብስቦ ይዞ ቆሞ ያዳምጥ ነበር። ያን ጊዜ የሚሰማውን ለማንም አልተናገረም።

እንዲህ እንዲህ እያለ ዓመታት ሄዱ። የጋሼ ፀጉር ሸበተ። የእሱም ሸበተ፤ ግን በሰው ሠራሽ ፀጉር ሥር ስለነበር ማንም ልብ አላለውም።

ነገሩ የሆነው ልምምድ ላይ ነው። የዕለቱ ጨዋታ ፀጉር ቤት ነበር። ጋሼ ነጭ ጨርቅ ተደርጎላቸው ወንበሩ ላይ ተቀምጠዋል፤ እስስት ፀጉር አስተካካይ ሆኖ መቀስ ይዟል። ጋሼ «ጆሮዬን ተውልኝ፣ የሚስቴን ንግግር የምሰማበት እሱ ብቻ ነው» ማለት ነበረባቸው። ጆሮዬን ካሉ በኋላ የተቀረው ቃል ከአፋቸው ተጣሞ ወጣ። የካሜራ ሰዎቹ ሳቁ። ጋሼ እንደገና ሊሉት ሞከሩ፤ ይበልጥ ተጣመመ። ሰዉ ይበልጥ ሳቀ። አንዲት የመብራት ሠራተኛ ሆዷን ይዛ ግድግዳ ተደገፈች።

እስስት ግን ያን ፊት ስንት ዘመን በክንድ ርቀት ሲያየው ኖሯል። ቁጣውን፣ የውሸት ፍርሃቱን፣ ሳቅ ሊመጣ ሲል ከዓይኑ ሥር የሚነሳውን ሽብሽብ ያውቃል። ይሄኛው ከእነሱ አንዱም አልነበረም።

መቀሱን አስቀመጠ። «ዝም በሉ» አለ በራሱ ድምፅ። ድምፁን ብዙዎቹ ሰምተውት ስለማያውቁ ወዲያው ጸጥ አሉ። «መኪና አምጡ። እየተጫወቱ አይደለም።»

ስትሮክ ነው አለ ሐኪሙ። ቶሎ በመድረሳቸው ነፍሳቸው ተርፏል፤ ቀኝ እጃቸውና ንግግራቸው ግን መመለሱን ጊዜ ብቻ ነው የሚያውቀው ተባለ።

ጣቢያው ሐሙስን ባዶ መተው አልፈለገም። ሥራ አስኪያጁ እስስትን ጠርቶ ሰዓቱን ለእሱ ሰጠው፤ በራሱ ፊት፣ በራሱ ስም። ሚስቱ ልኩን ለክታ ጥቁር ሱፍ ሰፋችለት። እናቱም በመጨረሻ ልጄ ሊወጣ ነው ብላ ጎረቤቷን ሁሉ ሰበሰበች።

መድረኩ ላይ ሲቆም መጀመሪያ የቸገረው እጁ ነው። የሐኪሙ እጅ ማዳመጫውን ይይዛል፤ የአከራይዋ እጅ ወገቧ ላይ ነው። የእሱ እጅ የት እንደሚቀመጥ አያውቅም። ኪሱ ከተተው፤ አወጣው። ቀልዱን ተናገረ። ሰዉ ጨዋ ስለነበር ትንሽ ሳቀ። የሁለተኛው ሳምንት ከመጀመሪያው አልተሻለም፤ የሦስተኛው ባሰ። ሲሉ ሰምታ ዶሮ ሞተች ዋና ገብታ ማለት ይሄ ነው እያለ ለሚስቱ ቀለደ። እናቱ ደውላ ብዙ ካመነታች በኋላ «ሱፉ አምሮብሃል» አለችው።

ሥራ አስኪያጁ እንደገና አስጠራው። ወጣት ነው፣ ክፉ ሰው አይደለም፣ ግን ነገር አያስረዝምም።

«ሰዉ የናፈቀው ጋሼን ነው» አለ። «አንተ ደግሞ ሁሉንም ሰው ትሆናለህ። እሳቸውን ሁንልን።»

እስስት መቻሉን ያውቃል። ማንም በሌለበት፣ መታጠቢያ ቤት መስታወት ፊት፣ ስንት ጊዜ ሆኗቸዋል።

«ሳልጠይቃቸው አይሆንም» አለ።

«ጠይቃቸዋ። ምን ይላሉ ብለህ ነው?»

የጋሼ ቤት በሩን የከፈቱለት ባለቤታቸው ናቸው። እትዬ ከዚያ ቀን ወዲህ ከስተዋል። «ሰው ሲመጣ ደብቁኝ ይላሉ» አሉት በሹክሹክታ። «አንተን ግን ግባ ብለዋል።» ጋሼ መስኮቱ አጠገብ ጭናቸው ላይ ብርድ ልብስ ተደርጎላቸው ተቀምጠዋል። ሲያዩት ከፊታቸው ግማሹ ሳቀ፤ ግማሹ ባለበት ቀረ።

እስስት የመጣበትን ነገራቸው። ሲናገር ያቺ የስልክ መስኮት ትዝ አለችው፤ አሁን ከመስኮቱ ውጭ የቆመው እሱ ነው። ጋሼ እስኪጨርስ ሰሙት።

«አ...ሳየኝ» አሉ።

«እዚሁ?»

ራሳቸውን ነቀነቁ።

ዞር ዞር ብሎ ሲያይ እትዬ ገባቸው። ከጓዳ የባላቸውን ጥቁር ጫማ አምጥተው እግሩ ሥር አኖሩለት። ለእግሩ ሰፊ ነበር። አደረገው፣ ወደ በሩ ሄደ፣ ተመለሰ፤ ተመልሶ የመጣው እስስት አልነበረም። ክፍሉ መሀል ቆሞ ጋሼን ዝም ብሎ አያቸው፤ ልክ ጋሼ ካሜራውን እንደሚያዩት። ከዚያ በዚያ ከጉድጓድ በሚወጣ ድምፅ፣ «እንግዲህ፣ እኔ ምን አጠፋሁ?» አለ።

እትዬ እጃቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ወደ ጓዳ ገቡ።

ጋሼ ከት ብለው ሳቁ። ከዚያ ደህናውን እጃቸውን አንስተው ጠቆሙት። «ግ...ራ። ዝቅ።»

ግራ ትከሻውን ዝቅ አደረገ።

«በዛ።»

ትንሽ መለሰው።

«እ...» አሉ ጋሼ፤ ልክ ነው ማለታቸው ነው። ከዚያ ሲናገሩ ቃላቱ አንድ በአንድ፣ ከባድ ዕቃ እንደሚወርድ ነው የወረዱት። «ቴሌቪዥን... አይሆንም። አንተን... ካዩ... እኔን... የት ሄደ... አይሉም።»

እስስት ጫማውን አወለቀ። «ገብቶኛል፣ ጋሼ» አለ። እውነትም ገብቶት ነበር፤ የት ሄደ ተብሎ የማይጠየቅ ሰው መሆን ምን እንደሆነ ከእሱ በላይ ማን ያውቃል።

ሊነሳ ሲል እጁን ያዙት። ሌላ ነገር ነበራቸው። ትልቋ ልጃቸው ልታገባ ነው። አባት ተነስቶ ሁለት ቃል መናገር አለበት። ይሄን ሁሉ ሰው ሲያስቁ ኖረው ለገዛ ልጃቸው ሰርግ ዱዳ ሆነው ሊቀመጡ አልፈለጉም።

«አንተ... በል...ልኝ» አሉት።

እስስት ለሥራ አስኪያጁ አይሆንም ብሎ ነገረው። ሥራ አስኪያጁ ፊቱ ቅጭም አለ፤ ሐሙስ ማታ ለውጭ አገር ተከታታይ ፊልም ተሰጠ፤ እስስትም እቤቱ ተቀመጠ። ሚስቱ «ዕዳው ገብስ ነው፤ መርፌዬ አልታጠፈ» አለችው።

ከሰዓት በኋላ እየሄደ ንግግሩን ከጋሼ ጋር አዘጋጁ። አድካሚ ሥራ ነበር። ጋሼ አንድ ዓረፍተ ነገር ለመጨረስ ሻይ እስኪቀዘቅዝ ይፈጅባቸዋል። እስስት ሊረዳቸው ብሎ የራሱን ቃል ሲያቀብላቸው እጃቸውን ያወዛውዛሉ። «የኔ... አይደለም» ይላሉ። ሴቶች ልጆቼ ዓይኔ ናቸው የሚል ነገር ጨምሮ ነበር፤ አስወጡት። «እኔ... እንደሱ... አልልም።» በምትኩ ልጅቷ ትንሽ ሳለች ቴሌቪዥኑ ውስጥ ሆነው የሚያዩዋት መስሏት ፀጉሯን አበጥራ፣ አዲስ ልብሷን ለብሳ ከፊቱ ትቀመጥ እንደነበር አስገቡ። ይህን ለመናገር አንድ ሙሉ ከሰዓት ወሰደባቸው።

ሰርጉ ዕለት አዳራሹ ሞልቷል። ጋሼ ከፊት ተቀምጠዋል፤ ልጃቸው ነጭ ለብሳ አጠገባቸው ናት። አስቀድሞ ተነግሯታል፤ ግን መነገርና መስማት አንድ አይደለም። እስስት ተነስቶ ከጋሼ ወንበር ጀርባ ቆመ። ሚስቱ የሰፋችለትን ሱፍ ነው የለበሰው።

«ልጄ» አለ በጋሼ ድምፅ።

ሙሽራዋ ዘለል አለች። ከኋላ ወንበር ላይ ከነበሩት አንዳንዶቹ ጋሼ ዳኑ ብለው ብድግ አሉ። እስስት ቀጠለ። የሚያስቀው ጋ ሲደርስ ሰዉ ሳቀ፤ እሱም ሳቁ እስኪወርድ ጋሼ የሚጠብቁትን ያህል ጠበቀ፤ ከዚያ የሚቀጥለውን ጣለ። እንደገና ሳቁ። የተበጠረውን ፀጉርና አዲሱን ልብስ ሲናገር ግን ሳቅ የለም። በዚያ ሁሉ ጊዜ የሚናገረውን ሰው ያየ አንድም አልነበረም። ዓይን ሁሉ ወንበሩ ላይ ነው። ጋሼ ከንፈራቸው አብሮ ይንቀሳቀሳል፤ አንድ ቦታ እስስት ቃል ሲያሳስት ዞር ብለው በግማሽ ፊታቸው ገላመጡት። አረመው። ልጅቷ አባቷን አንገታቸውን አቅፋ የቀረውን በዚያው ሆና ሰማች።

ከእንግዶቹ መሀል አንዲት የተከታታይ ድራማ ዳይሬክተር ነበረች። ሰው ሲበታተን መጥታ ካርዷን ሰጠችው።

«ቀልድ ነው?» አላት።

«አይደለም። ሚስቱ የሞተችበት ባለ ሱቅ ነው። ብዙ አይናገርም።»

«የማን ፊት ነው የምትፈልጊው?»

ጥያቄው አልገባትም። «የአንተን ነዋ» አለችው።

ድራማው ተወደደ። እስስት ለእጁ ቦታ አገኘለት፤ ባለ ሱቁ ሁልጊዜ ጠረጴዛ ይወለውላል። ስሙ ይጻፍ ጀመር። መንገድ ላይም ይታወቅ ጀመር፤ ዳቦ ቤት ተሰልፎ ሳለ አንዲት ሴትዮ ይዛው ሚስትህን እግዜር ይማርልህ ብላ አለቀሰች። ሚስቱ አጠገቡ ቆማ ነበር። «አሜን» አለች።

ጋሼ ከዚያ በኋላ ጥቂት ዓመት ኖሩ። ንግግራቸው ትንሽ ተመልሶ ነበር። አልፎ አልፎ ሾፌር ተመድቦላቸው ቀረጻ ለማየት ይመጡና ጥግ ላይ ይቀመጣሉ፤ ስለ እስስት ትወና ሲጠየቁ «እጁን... ያበዛል» ይላሉ። አንድ ጠዋት አልነቁም። ጣቢያው ድሮ ያቋረጠውን የሐሙስ ጨዋታ አንድ ሳምንት ሙሉ ደገመው።

ከዓመት በኋላ ትልቋ ልጃቸው ወደ እስስት ቤት መጣች። ልጅ ወልዳለች፤ ስሙን ያወጡለት አያቱ ጋሼ ሳይሞቱ ነው። ምሳ ቀርቦላት ትንሽ ቀማመሰችና ሹካዋን አስቀመጠች።

«አጎቴ፣ አንድ ነገር ልለምንህ። እንደዚያን ቀን አንዴ በአባዬ ድምፅ ልጄ በለኝ።»

ሚስቱ ሳህን አንስታ ወጣች። እስስት ልጅቷን አያት። ድምፁ ጉሮሮው ውስጥ አለ፤ ቢጠራው እንደሚመጣ ያውቃል።

«ያኔ እሳቸው ተቀምጠው ያርሙኝ ነበር» አላት። «ስሳሳት ገላመጡኝ፣ አላየሽም? አሁን ብሳሳት ማን ያርመኛል? ስህተቱን ይዘሽ ትሄጃለሽ። ትንሽ ቆይቶ አባትሽ እንዴት እንደሚናገሩ እኔም አንቺም አናውቀውም።»

ልጅቷ ራሷን ነቀነቀች። አልቅሳ እንደሆነ በናፕኪኑ ሸፍናዋለች።

«እንግዲያው በራስህ ድምፅ የሆነ ነገር ንገረኝ» አለች። «ቤት ሲመጡ እኮ ዝምተኛ ነበሩ። ሥራ ላይ እንዴት ነበሩ?»

እስስት ወንበሩን ወደ እሷ አስጠጋ። የሐሰት ጢሙ ሾርባ ውስጥ የወደቀበትን ቀን፣ ጋሼ አውጥተው ጨምቀው መልሰው እንዴት እንደለጠፉለት ነገራት። ከዚያ ሌላ ነገራት። ሚስቱም ተመልሳ መጥታ የረሳውን ጨመረችበት። ከሰዓት ቀረጻ ስለነበረው ሾፌሩ ጥሩንባ እስኪነፋ ድረስ ሲያወሩ ቆዩ፤ ከዚያ ሸኛት፣ ኮቱን ለበሰና ወደ ሥራው ሄደ።